«ደካማ ናት» ያልኩበት ቀን

ይህን ታሪክ ስጽፍ የመጀመሪያዬ ነው። በአፌ ስናገረው ሁልጊዜ ለራሴ የማደላበት ቦታ እያገኘሁ አመልጣለሁ። ወረቀት ላይ ካሰፈርኩት ማምለጫ አላገኝም ብዬ ነው የጀመርኩት።

ከሁለት ክረምት በፊት ነው። ሃያ ስድስት ዓመቴ ነበር። ስሜ መስታወት ነው፤ የሚያውቁኝ መስቲ ይሉኛል። ቆቦ ውስጥ፣ አስፋልቱ ዳር ባለ አንድ መድኃኒት ቤት እሠራለሁ፤ ያኔም አሁንም። ከቆቦ አልፎ ዋጃና ጎብዬ ድረስ ስሜን ያስጠራው ግን መድኃኒቱ ሳይሆን አንድ የስልክ ጨዋታ ነበር።

ጨዋታው አውሬ ማደኛ ነው። ስልካችሁን ይዛችሁ በእግራችሁ ስትሄዱ የምትረግጡት መንገድ ካርታው ላይ ይታያል፤ እዚህም እዚያም አውሬ ብቅ ይላል። ትይዙታላችሁ፣ ትቀልቡታላችሁ፣ ከሌላ ሰው አውሬ ጋር ታጋጥሙታላችሁ። ስማቸው የባዕድ ስለሆነ እኛ የራሳችንን አውጥተንላቸዋል፤ ቀንዳሙ፣ ድንጋዮ፣ ዘንዲት እንላለን። ዘንዲት ክንፍ ያላት ትንሽ እባብ ነገር ናት።

አብዛኛው ሰው የሚሸወደው አውሬው አናት ላይ በተጻፈው ትልቅ ቁጥር ነው። ያ ቁጥር አውሬው እስካሁን ምን ያህል እንደተቀለበ ይናገራል እንጂ ሲፈጠር ምን ይዞ እንደተፈጠረ አይናገርም። እውነተኛው ጉልበት ከሥር ነው ያለው። ሦስት ቀጫጭን መስመሮች አሉ፤ አንዱ የማጥቃት፣ አንዱ የመከላከል፣ አንዱ የጽናት። ሦስቱም እስከ ጫፍ ከሞሉ ያ አውሬ ዛሬ ምንም ቢያንስ ሲያድግ የሚያሸንፈው አይኖርም። ግን መስመሮቹ ጥቃቅን ናቸው፤ የሞላውን አንድ ጭረት ከጎደለው ለመለየት ዓይንም ልምድም ይጠይቃል። እኔ አየት አድርጌ እፈርድ ነበር። ሰው በቴሌግራም ፎቶ ይልክልኛል፣ «ያዘው» ወይም «ልቀቀው» እላለሁ። የሚከራከረኝ አልነበረም። በሕይወቴ ቃሌ እንዲያ የተከበረበት ሌላ ቦታ ስላልነበረኝ በጣም ያኮራኝ ነበር።

ከሚጠይቁኝ ሰዎች መካከል በዕድሜ ትልቁ ጋሽ አበራ ነበሩ። ጡረታ የወጡ የግብርና ባለሙያ ናቸው፤ ስኳር አለባቸው። ሐኪም በየቀኑ በእግርዎ ይሂዱ ሲላቸው እምቢ ቢሉ፣ ደሴ ያለችው ልጃቸው መጥታ ይህን ጨዋታ ስልካቸው ላይ ጫነችላቸው። ከዚያ ወዲያ ማን ይያዛቸው። ኮፍያቸውን ደፍተው፣ ስልኩን ፊታቸው ላይ ደቅነው ከተማውን ሲዞሩ ይውላሉ። ኢንሱሊናቸውን የሚወስዱት ከእኔ ነው። ስኳሩ ዓይናቸውን ስላደከመው ሦስቱ መስመሮች አይታዩአቸውም፤ እኔ ነኝ አይቼ የምነግራቸው።

ነሐሴ ውስጥ፣ አንድ ሐሙስ ጠዋት፣ ሱቁን ከፍቼ መደርደሪያ ስወለውል ገቡ።

«መስቲ ልጄ፣ እንደምን አደርሽ። እስቲ ይቺን እይልኝ። አሁን መናኸሪያው አጥር ሥር ነው የያዝኳት።»

ስልኩን ተቀበልኩ። ዘንዲት ናት። አናቷ ላይ ያለው ቁጥር ኢምንት ነው። ወደ ታች ወረድኩና መስመሮቹን ከፈትኩ። የመጀመሪያው ሞልቷል። ሁለተኛው ሞልቷል። ሦስተኛውን ስልኩን ወደ ዓይኔ አቅርቤ ሁለት ጊዜ አየሁት። ሞልቷል።

አንድ ዓመት ሙሉ የፈለግኳት እሷን ነበር። ለእሷ ብዬ በፀሐይ ስንት መንገድ ተመላልሻለሁ። እሳቸው መናኸሪያ አጥር ሥር አገኟት።

«እንዴት ናት?» አሉኝ። «ለቤቲ ላደርጋት ነው። እሑድ ትመጣለች። አያትሽ ጠንካራ አውሬ ይዞ ይጠብቅሻል ብያታለሁ።» ቤቲ የልጅ ልጃቸው ናት፤ ያኔ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር።

«ደካማ ናት፣ ጋሼ» አልኩ።

ቃሉ ሳላስበው አመለጠኝ ብል ደስ ባለኝ። አላመለጠኝም። ሦስተኛውን መስመር ሁለተኛ ጊዜ ሳይ ነው ያሰብኩት።

«እንደው ምንም የላትም?»

«ምንም። ቢቀልቧትም አታድግም።»

ከዚያ ሳልጠይቃቸው፣ «በይ አንቺ ውሰጃት። አንቺ የሁሉንም ዓይነት ትሰበስቢ የለ፤ ለእኔ ምን ታደርግልኛለች» አሉኝ። እዚያው ጠረጴዛው ላይ ሁለቱን ስልኮች አጠጋግቼ ወደ ስልኬ አሻገርኳት። በምትኳ ምን ልስጥዎት ብዬ እንኳ አልጠየቅኩም። ምስጋናዬንም በደንብ አልተናገርኩም፤ ብዙ ባመሰግን ይጠረጥሩኛል ብዬ።

«ታዲያ ጠንካራውን ከየት ላምጣ?» አሉ። «እሑድ ደረሰ እኮ።»

ሐሳባቸውን ሳይቀይሩ ቶሎ እንዲሄዱልኝ ፈልጌ ነበር። «የውሃ አውሬዎቹ ጠንካሮች ናቸው» አልኩ። «ጎሊና ወንዝ፣ አሸዋው ላይ ይወጣሉ። ቀትር ላይ ቢሄዱ ያገኛሉ።»

«ጎሊና?» አሰቡ። «መቼም ደርቋል?»

«ደርቋል» አልኩ።

አላየሁትም። የጠየቅኩትም ሰው አልነበረም። እንዲሁ መለስኩላቸው።

ጎሊናን ለማያውቅ ሰው ልንገር። አብዛኛውን ጊዜ ሰፊ የአሸዋ ሜዳ ነው፤ በአንድ ጎኑ ቀጭን ውሃ ይወርዳል፤ ሰውም ግመልም ሳይጨነቅ ያቋርጠዋል። ክረምት ላይ ግን ቆቦ ጠብታ ሳይወርድበት፣ በስተምዕራብ ተራራው ላይ የዘነበው ተሰብስቦ በአንዴ ይመጣል። ደራሽ ነው የምንለው። ገበሬው ወደ ማሽላው ይጠልፈዋል። የራያ ቆላ የሚበላው በእሱ ነው፤ አንዳንዴም የሚቀበረው በእሱ ነው።

ቀኑ ሞቃት ነበር፣ ነፋስ የሌለው። ስድስት ሰዓት ግድም ደጅ ወጥቼ ሳይ ከተማው ላይ ሰማዩ ጥርት ብሏል፤ በምዕራብ ግን ተራራው አናቱ አይታይም። ዳመና እንኳ አይመስልም፤ የሆነ ጥቁር ነገር ተቀምጦበታል። አየሁት፤ ምንም አልመሰለኝም። ተመልሼ ገባሁና ዘንዲትን መቀለብ ጀመርኩ።

ሰባት ሰዓት አለፍ ሲል ስልኬ ጮኸ። ጋሽ አበራ ፎቶ ልከዋል። ጨዋታው በካሜራ አውሬውን የቆማችሁበት ቦታ ላይ አድርጎ የሚያሳይበት መንገድ አለው፤ በዚያ ነው ያነሱት። ሰማያዊ፣ ዓሣ የመሰለች አውሬ አሸዋ ላይ ቆማለች። ቀጥሎ የመስመሮቹ ፎቶ መጣ። ከሥሩ «ይቺስ?» ይላል።

መስመሮቹን አየሁ። ሁለቱ ሞልተዋል፣ ሦስተኛው ትንሽ ጎድሎታል። «ጥሩ ናት ግን» ብዬ መጻፍ ጀመርኩ።

አንዲት እናት የሳል ሽሮፕ ሊገዙ ቆመው ነበር፤ ከተራራው ሥር ካለ ቀበሌ የመጡ ናቸው። «እባክሽ ቶሎ በይልኝ፤ መሻገሪያ ላጣ ነው» አሉኝ። «እላይ እንደጠቆረ ነው የዋለው። ስወጣ ይዘንብ ነበር። ዛሬ ጎሊና ሳይሞላ አይቀርም።»

ጣቴ ስልኩ ላይ ቆመ። የመጀመሪያውን ፎቶ መልሼ ከፈትኩ። አሁን አውሬዋን አይደለም ያየሁት፣ ኋላዋን ነው። አሸዋው ረጥቦ ጠቁሯል። በፎቶው ጠርዝ በኩል አንድ ጣት የሚያህል ቡናማ ውሃ፣ ዳር ዳሩ አረፋ ያለው፣ ደረቅ ቅጠል እየገፋ ይመጣል።

«ጋሼ አሁኑኑ ከወንዙ ይውጡ» ብዬ ላክሁ። አልደረሰም። ደወልኩ፤ አይጠራም። ደግሜ ደወልኩ። አራተኛው ላይ አነሱት።

«መስቲ፣ ፎቶው ደረሰሽ?»

«ጋሼ፣ ደራሽ እየመጣ ነው። ከወንዙ ይውጡ።»

«አይሰማኝም፤ ይቆራረጣል። ጠንካራ ናት ወይ? የአንቺን መልስ ነው ቆሜ የምጠብቀው።»

ተቋረጠ።

እዚያ የቆሙት እኔን ሲጠብቁ ነው። ይህ ነገር እስከ ዛሬ አልለቀቀኝም።

ከመደርደሪያው ሁለት የግሉኮስ ዱቄት አንስቼ ሱቁን ዘግቼ ወጣሁ። ለምን ግሉኮስ እንዳነሳሁ ያኔ በደንብ አላወቅሁም፤ ኋላ ሳስበው ግን ጠዋት ኢንሱሊናቸውን ወግተው ምሳ ካልበሉ ስኳራቸው ከመጠን በታች እንደሚወርድ እጄ ቀድሞኝ አውቋል። ደጃፋችን ላይ የሚቆም ሰይድ የሚባል የባጃጅ ሹፌር አለ፤ ሠላሳ ዓመት ያለፈው፣ ዝምተኛ ሰው ነው።

«ጎሊና አድርሰኝ። ጋሽ አበራ ወንዙ ውስጥ ናቸው።»

«እኔው ነኝ ያደረስኳቸው» አለ ሰይድ። «ከድልድዩ ትንሽ ዝቅ ብሎ አወረድኳቸው። ልጠብቅዎት ብላቸው አይሆንም አሉኝ።» ከዚያ ወዲያ መንገዱን ሙሉ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የተናገረው፤ «አላህ ያድርሰን» አለ።

ድልድዩ ጋ ከመድረሳችን በፊት ድምፁን ሰማነው። ብዙ የጭነት መኪና በአንዴ ሽቅብ ሲወጣ እንደሚያሰማው ያለ ድምፅ ነው፤ ግን አስፋልቱ ላይ አንድም መኪና አልነበረም። ከዚያ ሽታው መጣ፣ የአፈርና የበሰበሰ ሥር ሽታ።

ዳሩ ላይ ስድስት ሰባት ገበሬዎች አካፋ ይዘው ቆመዋል፤ ውሃውን ወደ እርሻቸው ሊጠልፉ የወጡ ናቸው። ሁሉም ወደ አንድ ቦታ ያያሉ። የወንዙ መሐል ላይ ከፍ ያለ የአሸዋ ጉብታ አለ፤ አንድ ቁርቁራ ዛፍ በቅሎበታል። ጋሽ አበራ እዚያ ናቸው። ውሃው ጉብታውን በሁለት ወገን ከብቦታል። ኮፍያቸው የለም። አንድ እጃቸው ዛፉን ይዟል፣ በሌላው ስልኩን ከፍ አድርገው ይዘዋል።

«ጮኽን ጮኽን ደከመን» አለኝ ከገበሬዎቹ አንዱ፤ ይመር ይባላል፣ ሃምሳ ዓመት ይሆነዋል። «ሰላም ያልናቸው መስሏቸው እጃቸውን ያወዛውዙልናል። ቀና ሲሉ ውሃው ዞሯቸው ነበር።»

«ሊሻገሩ አይችሉም?» አልኩት። «ገና ጉልበት ነው እኮ የሚያክለው።»

«ይህ ግንባሩ ነው» አለ ይመር። «ዋናው ገና ነው።»

ዋናው ሲመጣ ለማየት አልፈለግሁም፤ ግን ዓይኔን አላነሳሁም። ከላይ በኩል ውሃው እንደ ግድግዳ ሳይሆን እንደሚራመድ ነገር መጣ፤ ግንድ፣ ቁጥቋጦ፣ አንድ የሞተ ፍየል ከፊቱ እየገፋ። ጉብታውን ሲመታው ግማሹ ተናደ። ጋሽ አበራ ዛፉን በሁለት እጃቸው አቀፉ። ስልኩ ወደቀ። ውሃው እስከ ጭናቸው ደረሰ።

ገበሬዎቹ መጫኛ ገመድ ቀጣጥለው ድንጋይ አስረው ወረወሩ። አልደረሰም። ደግመው ወረወሩ። ሦስተኛው አጠገባቸው ወደቀ፤ ሊይዙት እጃቸውን ሲዘረጉ ዛፉን ሊለቁ ሆነ፤ ሁላችንም «አይልቀቁ» አልን። ውሃው ገመዱን ወሰደው፤ ጫፉን ይዘን ወደ ዳር መልሰን ጎተትነው።

«እንግዲህ እስኪጎድል መጠበቅ ነው» አለ ይመር። «ዛፉ ሥሩ ጥልቅ ነው፤ ይይዝላቸዋል።»

ጠበቅን። ስምንት ሰዓት ሆነ፣ ስምንት ተኩል ሆነ። እየጮኽን እንነጋገር ነበር። «ጋሼ፣ አሉ?» እላለሁ፤ «አለሁ» ይሉኛል። መጀመሪያ ላይ እንዲያውም ሙያቸው መጥቶባቸው፣ «የላይኛውን የውሃ ጠለፋ ክፈቱት፣ ይቀልለኛል» ብለው ገበሬዎቹን አዘዟቸው፤ እነሱም ከፈቱት። ወደ ዘጠኝ ሰዓት ግን መልሳቸው እየዘገየ መጣ። ከዚያ አንድ ጊዜ ስጠራቸው፣ «ቤቲ፣ ነይ ወዲህ፣ እዚያ ጋ አትቁሚ» አሉ።

«ስኳራቸው ወርዷል» አልኩት ይመርን። «ውሃው ባይወስዳቸው እንኳ ራሳቸውን ይስታሉ። ከሳቱ ዛፉን ይለቃሉ።»

ይመር ውሃውን አየ። መጉደሉን ሊያይበት አንድ እንጨት ዳሩ ላይ ሰካ።

እንዳይተኙ ብዬ የመጣልኝን ሁሉ ጮኽኩ። የልጃቸውን ስም ጠራሁ፣ የቤቲን ስም ጠራሁ። አገጫቸው ደረታቸው ላይ ወደቀ። ያን ጊዜ በውስጤ የቀረው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ «ጋሼ፣ ዋሽቼዎት ነው» ብዬ ጮኽኩ። «ዘንዲት ደካማ አይደለችም። ሙሉ ናት። ዋሽቼ ነው የወሰድኳት።»

አልሰሙኝም። ውሃው ዋጠው። ዳሩ ላይ የቆሙት ግን ሁሉም ሰሙ። ምን ማለቴ እንደሆነ የገባው ሰይድ ብቻ ነበር፤ ጨዋታውን ያውቀዋል። አንድ ጊዜ አየኝ፣ ከዚያ ፊቱን ወደ ወንዙ መለሰ።

ዘጠኝ ተኩል ላይ ይመር ዳሩ ላይ የሰካውን እንጨት አይቶ «አንድ ጭብጥ ጎድሏል» አለ። ልብሱን አወለቀ። ሌሎቹ «ቆይ እንጂ፣ ገና ነው» ሲሉት አልሰማቸውም። ገመዱን ወገቡ ላይ አሰሩለት፤ ሰይድ ጫፉን ክንዱ ላይ ጠቀለለ። ግሉኮሱን በፌስታል ጠቅልዬ አንገቱ ላይ አንጠለጠልኩለት። «ራሳቸውን ከሳቱ አፋቸው ውስጥ እንዳታፈስ፤ ያንቃቸዋል። በጣትህ ድዳቸውን እሽበት» አልኩት።

ገባ። አራት እርምጃ ያህል በእግሩ ሄደ፣ ከዚያ ዋኘ። መሐል ላይ አንድ ግንድ መጥቶ መታውና ጠፋ። ገመዱ ተወጠረ፤ ሰይድ ተንሸራቶ በጉልበቱ ወደቀ፣ አልለቀቀም። ይመር ከዛፉ በታች ብቅ አለ፣ ሥሩን ያዘ፣ ወጣ። ጋሽ አበራ ዛፉ ላይ ተንጠልጥለዋል እንጂ አልቆሙም። ይመር አፋቸው ላይ ጎንበስ ብሎ ሲያሽ አየነው። ደቂቃዎቹ ዓመት ሆኑ። ከዚያ ጭንቅላታቸው ቀና አለ።

ሁለቱን በአንድ ገመድ ጎትተን ስናወጣቸው አሥር ሰዓት አልፎ ነበር። ጋሽ አበራ ጫማቸው የለም። ግራ እግራቸው ጣቶቹ አካባቢ በግንድ ተላልጦ አጥንት ይታያል። ዓይናቸውን ገልጠው አዩኝና «መጣሽ?» አሉኝ። ሌላ ነገር አላሉም።

ከሞት ተረፉ። እግራቸው ግን አልተረፈም። ስኳር ያለበት ሰው ቁስል እንዴት እንደሆነ ሥራዬ ነውና አውቃለሁ፤ ቆቦ ታከሙ፣ አልሽር ሲል ደሴ ተላኩ፣ እዚያ ሦስት ጣታቸውን ቆረጡላቸው። ቤቲ ያን እሑድ አያቷን ያየችው ሆስፒታል ተኝተው ነው።

ሁለት ወር ሙሉ እውነቱን ለመናገር ፈራሁ። ቆቦ ከተመለሱ በኋላ አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ቤታቸው ሄድኩ። በረንዳ ላይ እግራቸውን ዱካ ላይ ዘርግተው ተቀምጠዋል። ሁሉንም ነገርኳቸው፤ ደካማ ናት ማለቴን፣ ደርቋል ማለቴን። ሳያቋርጡኝ ሰሙኝ።

«አሳይኝ» አሉ ስጨርስ።

ዘንዲትን ከፍቼ ሰጠኋቸው። ስልኩን ዓይናቸው ሥር አስጠግተው ብዙ ጊዜ አዩ። «አይታየኝም» አሉ። «ሦስቱም ሞልተዋል?»

«ሞልተዋል፣ ጋሼ።»

ቀና ብለው አዩኝ። በቁጣ አልነበረም፤ ቁጣ ቢሆን ይሻለኝ ነበር። «አሁንስ እውነትሽን ነው?» አሉኝ።

ስልኩን መለሱልኝ። «በይ ተይው። ይቅር ብያለሁ። ለልጅቷ ስጫት» አሉ። ቤቲ ስትመጣ ሰጠኋት። ጨዋታውን የዚያኑ ዕለት ከስልኬ አጠፋሁት።

ይህን የምታነቡ ሰዎች፣ ጥፋቱን ጨዋታው ላይ እንዳትጥሉት እለምናችኋለሁ። ጨዋታው ሽማግሌውን ከአልጋ አስነስቶ ነበር። ብዙ ካሰብኩ በኋላ የገባኝን ልንገራችሁ። ያን ቀን ሁለት ቃል ተናግሬያለሁ። «ደካማ ናት» ያልኩት ውሸት ነበር፤ ኃጢአቱን አውቀዋለሁ። ሰውየውን ወንዝ ውስጥ ያስገባው ግን «ደርቋል» ያልኩት ነው። እሱን ስናገር ልዋሽ እንኳ አላሰብኩም። የሚያምነኝ ሰው ጠየቀኝ፣ ሳላውቅ መለስኩ። አሁን ሱቅ ውስጥ ሰው መጥቶ ይህ ይስማማኛል ወይ ሲለኝ፣ ካላወቅሁ አላውቅም እላለሁ። አንዳንዱ ያኮርፋል። ያኩርፍ። የእናንተንም ቃል አምኖ የሚንቀሳቀስ ሰው ይኖራል፤ ልጅም ይሁን ጎረቤት። እስቲ አስቡት።

ጋሽ አበራ ዛሬ በከዘራ ይሄዳሉ። መድኃኒታቸውን አሁንም ከእኔ ነው የሚወስዱት። ሲገቡ ሰላም ይሉኛል፣ ስለ እናቴ ጤና ይጠይቁኛል፣ እስቃለሁ፣ ይስቃሉ። ጊዜው የሚያልፍበትን ቀን አነብላቸዋለሁ፤ የመድኃኒቱን ካርቶን ተቀብለው ይወጣሉ። ከዚያ ደጅ ባጃጁ ውስጥ ለተቀመጠው ለሰይድ ሲሰጡት በመስኮቱ አያለሁ፤ ድምፃቸውም ይሰማኛል። «እስቲ ይህን አንብብልኝ» ይሉታል፣ «ጊዜው መቼ ያልፋል ይላል?»